መሪ ነቅዬ መቆለፊያ ስገጥም

ቁልፉን ከማስነሻው ንቀሉና መሪውን ትንሽ ወደ ጎን አዙሩት። ቀጭ ብሎ መያዝ አለበት። የኔ መኪና ይህን ከተወች ቆይታለች። ቁልፉ ኪሴ ውስጥ ነው፣ መሪው ግን እንደልቡ ይዞራል። መኪናዋ እንደ ወትሮው ትነሳለች፣ ትሄዳለች፣ ስለዚህ ብዙ ሰው እንዲህ ያለውን ብልሽት ሳያየው ይከርማል። እኔ ግን አንዴ ካየሁት በኋላ መኪናዋን አቁሜ መሄድ ጭንቅ ሆነብኝ። መሪውን ነቅዬ መቆለፊያውን ልቀይር ወሰንኩ። በዚያው ከላይ የሚታሰር ብረትም ጨመርኩበት።

መቆለፊያው ውስብስብ ነገር አይደለም። ቁልፍ የምናስገባበት ቦታ ከውስጥ የብረት ቤት አለው። ቤቱ ውስጥ በስፕሪንግ የሚገፋ ወፍራም የብረት ምላስ አለ። ቁልፉ ሲወጣ ምላሱ ወደ መሪው ዘንግ ይገፋል፣ ዘንጉ ላይ የተቆረጠው ክፍተት ፊቱ ሲመጣለት ይገባና ዘንጉን ቀጥ ያደርገዋል። ጄኔራል ሞተርስ በ1969 ሞዴሎቹ ላይ ማስነሻውን ከዳሽቦርድ ወደ መሪው ሥር አምጥቶ ከዚህ መቆለፊያ ጋር አንድ አደረገው። አሜሪካ ደግሞ ከጥር 1970 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ቁልፉ ሲወጣ መሪው እንዲቆለፍ ወይም መኪናው በራሱ እንዳይሄድ የሚያደርግ ነገር በየመኪናው እንዲኖር ደነገገች። ዕድሜ ጠገብ ሐሳብ ነው። ችግሩ ምላሱም ስፕሪንጉም ብረት ናቸውና ያልቃሉ፣ ይደክማሉ፣ አንዳንዴም የድሮ ግራሶ ደርቆ ያጣብቃቸዋል።

ወደ ሥራው ከመግባቴ በፊት አንድ ነገር። በኔ መኪና የፍሬቻውና የዝናብ መጥረጊያው ማብሪያ ያንን የብረት ቤት ከፊት ሸፍኖታል፣ እሱን ለማውጣት ደግሞ መሪው መውረድ አለበት። በአንዳንድ መኪና ግን ከመሪው ሥር ያለውን ፕላስቲክ ብቻ ከፍቶ መድረስ ይቻላል። የናንተ እንደዚያ ከሆነ መሪውን አትንኩት፣ ጉዳዩ አለቀ። ያለ ቁልፍ፣ አዝራር በመጫን ብቻ የሚነሱት አዳዲሶቹ ደግሞ መቆለፊያው በትንሽ ሞተር ነው የሚሠራው፣ ከመኪናው ኮምፒውተር ጋር መተዋወቅም ይፈልጋል፣ ስለዚህ እሱን ለሚያውቀው ሰው ስጡት።

አሁን የሚያስፈራው ላይ ደረስን፣ ኤርባጉ ላይ።

መሪው መሀል ላይ ያለው ያ ክላክስ የምንጫንበት ክዳን ሥር የታጠፈ ከረጢትና ጋዝ የሚፈጥር ፈንጂ አለ። ፈንጂ ያልኩት ለማጋነን አይደለም፣ ሥራው እሱ ነው። ከረጢቱ የዓይን ጥቅሻ ከሚወስደው ጊዜ ባነሰ ይነፋል። አደጋ ላይ ሕይወት ያተርፋል። ፊታችሁን አስጠግታችሁ ስትጎረጉሩት ቢነሳ ግን አፍንጫ ይሰብራል፣ ዓይን ያጠፋል፣ ከዚያም የባሰ ሊያደርስ ይችላል። ስለዚህ መጀመሪያ የባትሪውን ነጌቲቭ ገመድ ፍቱና ተመልሶ እንዳይነካ በጨርቅ ጠቅልላችሁ ወደ ጎን አድርጉት። ከዚያ ጠብቁ። ብዙ ሰው የሚዘለው ይሄን መጠበቅ ነው። የኤርባጉ ኮምፒውተር ባትሪው በአደጋ ቢበጠስ እንኳ ከረጢቱን ማስነሳት እንዲችል ለጥቂት ጊዜ የሚበቃ ኤሌክትሪክ በካፓሲተር፣ ማለትም ኤሌክትሪክ በሚያጠራቅም ትንሽ ዕቃ፣ ያስቀምጣል፣ ገመዱን እንደፈታችሁ ወዲያው አይጠፋም። የቶዮታ ማኑዋሎች 90 ሰከንድ ይላሉ፣ የሆንዳዎቹ 3 ደቂቃ፣ ሌሎች ከዚያ በላይ ይጠይቃሉ። እኔ እንዲህ ባለ ነገር ስስታም አይደለሁም፣ ሩብ ሰዓት ሰጠሁት። ባትሪው ከመፈታቱ በፊት ግን ጎማዎቹን ቀጥ አድርጉ፣ የሬዲዮ ኮድ ካላችሁም ፈልጋችሁ ያዙት።

ኤርባጉ በሁለት ዓይነት መንገድ ነው የሚያዘው። ወይ ከመሪው ጀርባ ግራና ቀኝ በኮከብ መፍቻ የሚፈቱ ብሎኖች አሉት፣ ወይ ደግሞ ከጀርባ በቀዳዳ ቀጭን ካቻቪቴ አስገብቶ የሚገፋ ስፕሪንግ። የትኛው እንደሆነ ካላወቃችሁ በግምት አትጎትቱ፣ የሞዴላችሁን ማኑዋል እዩ። ክዳኑ ሲላቀቅ በእርጋታ ወደናንተ ሳቡት፣ ሽቦው አጭር ነው። ቢጫ ሶኬት ታያላችሁ። በመኪና ውስጥ ቢጫ ሶኬት ባያችሁ ቁጥር ኤርባግ ነው ብላችሁ አስቡ። ሶኬቱ መጀመሪያ የሚነሳ ትንሽ ማሰሪያ አለው፣ እሱ ሳይነሳ ብትታገሉ የሚሰበረው ፕላስቲኩ ነው።

ከወጣ በኋላ አያያዙን ልብ በሉ። የምናየው ፊቱን ከሰውነታችን አዙረን ነው የምንሸከመው። ስናስቀምጠው ደግሞ ፊቱ ወደ ላይ። በፊቱ ደፍታችሁት ቢነሳ ከረጢቱ መሬቱን ገፍቶ የብረቱን ክፍል ወደ ጣሪያ ይተኩሰዋል። በላዩ ላይ ምንም አትደርድሩ። ልጆች ከማይደርሱበት ቦታ አድርጉት። በመልቲሜትር ሶኬቱን ልለካ ብላችሁ እንዳታስቡ፣ ከመለኪያው የምትወጣው ትንሽ ኤሌክትሪክ ራሷ ልታስነሳው ትችላለች።

ይህን ካለፋችሁ ቀሪው የመካኒክ ሥራ ነው። መሀል ላይ አንድ ትልቅ ዳዶ ወይም ብሎን አለ። ከመፍታታችሁ በፊት በነጭ ቀለም ወይም በማርከር ዘንጉና መሪው ላይ አንድ ቀጥ ያለ መስመር አስምሩ። ዘንጉ ላይ ደቃቅ ጥርሶች አሉ። ስትመልሱት በአንድ ጥርስ ብትዛነፉ መኪናው ቀጥ ብሎ ሲሄድ መሪው ጠማማ ይሆናል። ጠማማ መሪ ከማናደዱ ሌላ፣ የመሪውን ማዕዘን የሚያነበው ሴንሰር ያለበት መኪና ላይ የመንሸራተት መቆጣጠሪያውን ያሳስታል።

ዳዶውን ስትፈቱ መሪውን በእጅ አጥብቃችሁ ያዙት። መሪውን በመቆለፊያው አስይዞ የሚፈታ ሰው አለ፣ አታድርጉት፣ የሚጎዳው ምላሱ ነው። ዳዶው ከላላ በኋላ ሙሉ በሙሉ አታውጡት። ጥቂት ጥርስ ላይ ይቅር። ምክንያቱም መሪው ለዓመታት ተጣብቆ ስለኖረ ግራና ቀኝ እያወዛወዛችሁ ስትጎትቱት እምቢ እምቢ ብሎ በድንገት ይለቃል፣ ዳዶው እዚያው ካለ መሪው እሱ ላይ ይቆማል፣ ከሌለ ጥርሳችሁ ላይ ነው የሚያርፈው። በእጅ አልወጣ ካለ ፑለር የሚባለው መሳቢያ ይሠራል። ሁለት ብሎኖች መሪው ላይ ባሉት ቀዳዳዎች ይገባሉ፣ መሀሉ ላይ ያለው ረጅም ብሎን ዘንጉን እየገፋ መሪውን ይስበዋል። ብሎኖቹን በጣም ወደ ውስጥ አታስገቡ፣ ከጀርባ ያለውን ነገር ይወጋሉ።

መዶሻ ግን በፍጹም። የዘንጉን ጫፍ በመዶሻ እየደበደቡ መሪ የሚያወርዱ ሰዎች አይቻለሁ፣ እንደ ጀግንነትም ይቆጠርላቸዋል። የመሪው ዘንግ በአደጋ ጊዜ ወደ ውስጥ ተሰብስቦ የሾፌሩን ደረት እንዳይወጋ ተብሎ እንዲታጠፍ የተሠራ ነው። በመዶሻ ሲመታ ያ የሚሰበሰብበት ክፍል ሊላላ ወይም ሊሰበር ይችላል፣ ከውጭ ግን ምንም አይታይም። የሚታወቀው አደጋ ሲደርስ ነው።

መሪው ሲወርድ ከሥሩ ክብ የፕላስቲክ ዕቃ ይታያል። ውስጡ እንደ ሰዓት ስፕሪንግ የተጠቀለለ ቀጭን ጥብጣብ ሽቦ አለ። መሪው ሲዞር ኤርባጉና ክላክሱ ከሽቦው ጋር እንደተገናኙ እንዲቆዩ የሚያደርገው እሱ ነው። ከመሀሉ ወደ እያንዳንዱ ጎን የሚዞረው በብዙ መኪና ከ2.5 እስከ 3 ዙር ገደማ ብቻ ነው። እንዳለ በፕላስተር አስሩትና እንዳይዞር አድርጉት። ተዛብቶ ከተገጠመ መጀመሪያ ምንም አይሰማችሁም፣ አንድ ቀን መኪናውን ለማቆም መሪውን እስከ ጥግ ስታዞሩ ጥብጣቡ ይበጠሳል። ከዚያ ክላክስ የለም፣ የኤርባግ መብራት ይበራል፣ ኤርባጉም አይሠራም። ከዞረባችሁ ደግሞ በእርጋታ ወደ አንድ ጎን እስኪቆም ማዞር፣ ከዚያ ማኑዋሉ ያለውን ያህል መመለስና ምልክቶቹን ማገጣጠም ነው።

ማብሪያዎቹን አውጥቼ የብረቱ ቤት ጋ ደረስኩ። እዚህ ላይ አምራቾቹ ተንኮለኞች ናቸው፣ ደግሞም ልክ ናቸው። ቤቱ በዘንጉ ዙሪያ የታሰረው በሁለት ብሎን ነው፣ ብሎኖቹ ግን ጭንቅላት የላቸውም። ፋብሪካ ውስጥ ሲጠብቁ የተወሰነ ኃይል ላይ ጭንቅላታቸው ተቆርጦ እንዲወድቅ ነው የተሠሩት። የቀረው ለስላሳ ክብ ብረት ብቻ ነው፣ መፍቻ የሚይዝበት ቦታ የለውም። ሌባ በአንድ ደቂቃ ፈትቶ እንዳይሄድ። ባለቤቱም ላቡን ጠብ ሳያደርግ አይፈታውም። መሀላቸውን በሹል ብረት መትቼ ምልክት አድርጌ፣ በቀስታ በድሪል በስቼ፣ የተሰበረ ብሎን ማውጫ አስገብቼ ነው ያወጣኋቸው። አንደኛው ቶሎ ወጣ። ሌላው አመሸ። ስትበሱ መነጽር አድርጉ፣ ከሥር ጨርቅ አንጥፉ፣ የብረት ብናኝ ማብሪያና ሶኬት ውስጥ ከገባ ሌላ ጣጣ ነው።

አዲሱን ቤት ስትገዙ ቁልፉን አስቡ። በብዙ መኪና የቁልፉን ሲሊንደር ከአሮጌው ቤት አውጥቶ ወደ አዲሱ ማዛወር ይቻላል፣ እንዲህ ካደረጋችሁ በሩም ማስነሻውም በአንድ ቁልፍ ይቀጥላሉ። ቁልፉ ቺፕ ያለው ከሆነ ቀዳዳውን የከበበችው ቀለበት መሰል አንቴናም አብራ መዛወር አለባት። ያለ እሷ ሞተሩ አይነሳም። ተነስቶም ወዲያው የሚጠፋ አለ።

አዲሶቹን ብሎኖች ጭንቅላታቸው እስኪቆረጥ ከማጥበቄ በፊት በእጅ ብቻ ይዤ ፈተሽኩት። ይህን ደረጃ ማንም እንዳይዘል። ቁልፉን አስገቡ፣ አዙሩ፣ ምላሱ ሙሉ በሙሉ ወደ ውስጥ መግባት አለበት። ቁልፉ በርቶ እያለ ዘንጉን ወዲህ ወዲያ አዙሩት፣ ምንም መንካት የለበትም። ቁልፉን ወደ ማጥፊያ መልሱት፣ ግን አታውጡት፣ ምላሱ አሁንም ውስጥ መቆየት አለበት። መውጣት ያለበት ቁልፉ ሲነቀል ብቻ ነው። ይህን ደጋግሜ አየሁት። መቆለፊያው ሳይያዝ ቢቀር የሚጠፋው መኪና ነው፣ በመንገድ ላይ መሪው ድንገት ቢቆለፍ ግን ሰው ነው። ልቤ ከረጋ በኋላ ነው ብሎኖቹን ያጠበቅኳቸው፣ ጭንቅላታቸው ጠብ ጠብ ብሎ ወደቀ። በጣም ደስ የሚል ድምፅ ነው።

መመለሱ የመፍታቱ ተቃራኒ ነው፣ ብዙ አላወራበትም። መስመሩን ከመስመሩ ግጠሙ። ዳዶውን በቶርክ መፍቻ (የማጥበቂያውን ኃይል በሚለካው) አጥብቁ፣ በብዙ መኪና ከ35 እስከ 50 ኒውተን ሜትር አካባቢ ነው፣ ትክክለኛውን ከማኑዋላችሁ ውሰዱ። አንዳንድ አምራች ብሎኑ አንዴ ከተፈታ በአዲስ እንዲተካ ያዛል፣ እንዲያ ካለ ተኩት። የኤርባጉ ሶኬት ገብቶ ማሰሪያው እስኪቆለፍ ድረስ ባትሪው ተፈትቶ ይቆይ። ባትሪው ሲመለስ ቁልፉን የምታበሩት ከመሪው ፊት ገለል ብላችሁ ነው። የኤርባጉ መብራት ለጥቂት ሰከንድ በርቶ መጥፋት አለበት። ጨርሶ ካልበራም ችግር ነው፣ ካልጠፋም ችግር ነው። ከሁለቱ አንዱ ከሆነ የብልሽቱን ኮድ የሚያነብ መሣሪያ ያለው ሰው ጋ ሂዱ።

ይህ ሁሉ ልፋት ግን መኪናዋን አያድንም። ቢያንስ ለብቻው። የፋብሪካው ምላስ ዘዴውን ለሚያውቅ ሰው ብዙ አያስቸግርም። መኪና ሠሪዎችም ይህን ስለሚያውቁ ነው ቺፕ ያለው ቁልፍ ያመጡት፣ ትክክለኛውን ቺፕ ካላነበበ ሞተሩ አይነሳም። አውስትራሊያ በ2001፣ ካናዳ ደግሞ በ2007 እ.ኤ.አ. ለአዳዲስ መኪኖች ግዴታ አደረጉት። አሜሪካ ግዴታ አላደረገችውም፣ ውጤቱንም አየችው። ይህ ቺፕ የሌላቸው የሃዩንዳይና የኪያ መኪኖች አሰራረቃቸው በማኅበራዊ ሚዲያ በቪዲዮ ተሰራጭቶ ልጆች ሳይቀሩ ይነዷቸው ጀመር። በየካቲት 2023 እ.ኤ.አ. ኩባንያዎቹ ወደ 8.3 ሚሊዮን ለሚሆኑ መኪኖች የሶፍትዌር ማሻሻያ አወጡ። ከዚያ ጋር ለባለቤቶች በነፃ ያደሉት ምን መሰላችሁ? መሪ ላይ የሚታሰር ብረት።

ቁልፍ አልባዎቹም ቢሆኑ አልዳኑም። ሌቦች ቤት ውስጥ የተቀመጠውን ቁልፍ ምልክት በመሣሪያ አራዝመው መኪናውን ያታልሉታል። ኮምፒውተሩ ባለቤቱ የመጣ መስሎት በሩን ከፍቶ ሞተሩን ያስነሳላቸዋል። በዚህ ጊዜ በምልክት የማይታለለው ያ ብረት ብቻ ነው።

ስለዚህ ብረቱን እወደዋለሁ፣ ግን ዓይኔን ጨፍኜ አይደለም። በብዛት የሚሸጠው ረጅሙ ዱላ መሰል ዓይነት ነው። ሁለት ማንጠልጠያዎቹ የመሪውን ክብ ከውስጥ ወደ ውጭ ይወጥራሉ፣ ረጅሙ ጫፍ መስታወቱን ወይም ዳሽቦርዱን እየነካ መሪው እንዳይዞር ያደርጋል። ዱላው ራሱ ጠንካራ ነው። የሚደክመው የታሰረበት ነገር ነው፤ የመሪው ክብ ከላይ ቆዳና ስፖንጅ፣ ከውስጥ ደግሞ ብዙ ውፍረት የሌለው ብረት ነው፣ በመጋዝ ይቆረጣል። ሌባው ዱላውን ትቶ መሪውን ቆርጦ ይሄዳል። ለዚህ ነው መሪውን ሙሉ በሙሉ እንደ ሳህን የሚከድነውን ክብ ዓይነት የምመርጠው። የሚቆረጥ ክብ አይተውም፣ መሪውን ለመያዝም አያስችልም፣ ኤርባጉን ራሱን ለመስረቅ የሚመጣውንም ያግዳል፤ ኤርባግ ነቅሎ የሚሸጥ ሌባ ጥቂት አይደለምና። ክፋቱ ከባድ ነው፣ ሲወጣም የሚቀመጥበት ቦታ ይፈልጋል። ፔዳሎቹ አጠገብ ዘንጉን የሚያቅፍ ዓይነትም አለ፣ እሱ ከሁሉም ይጠነክራል፣ ግን ከውጭ ስለማይታይ ሌባው መስታወት ሰብሮ ከገባ በኋላ ነው የሚያገኘው። የተሰበረ መስታወት ደግሞ የናንተ ነው።

የትኛውንም ብትገዙ ብረቱ የሚገዛላችሁ ጊዜ ነው። ሌባው ከአጠገቡ የቆመችውን ያልታሰረች መኪና ቢመርጥ ለናንተ በቂ ነው። (ለጎረቤት አታውሩ።) ዱላ ከሆነ መሪውን እስከ ጥግ አዙራችሁ፣ የፋብሪካውን ምላስ አስይዛችሁ፣ ከዚያ እሰሩት። የቁልፉ ቀዳዳ ከበሩ ይልቅ ወደ ዳሽቦርዱ ቢዞር ለሌባው እጅ ያስቸግራል። ካሰራችሁት በኋላ በእጅ ነቅንቁት፣ የሚንቀጠቀጥ ከሆነ ለመሪያችሁ ልክ አይደለም። ርካሾቹ ላይ የመቆለፊያው ጥርስ ብዙ ጊዜ ከመግዣው ሳጥን የቀለለ ነው፣ ከመግዛታችሁ በፊት ቁልፉን እዩት፤ ጠፍጣፋና ሦስት ጥርስ ብቻ ያለው ከሆነ መልሱት።

መሪውን ጨርሶ ነቅሎ ይዞ ስለመግባትስ? ለውድድር መኪና የሚገጠም፣ በአንድ እጅ ተነቅሎ የሚወጣ መሪ አለ። ሐሳቡ ይማርካል፣ መሪ የሌለው መኪና ማን ይነዳል። ግን ለመንገድ መኪና እኔ አልገጥመውም። የሚገባው የፋብሪካው መሪ ከነኤርባጉ ተወግዶ ነው፣ በብዙ አገር ሕጉ አይፈቅድም፣ ኢንሹራንሱም አደጋ ሲደርስ ይህን ሰበብ ያገኛል። በየቀኑ የሚነቀል ነገር አንድ ቀን በደንብ ሳይገባ የመቅረቱን ነገር ሳስበው ደግሞ ሌባው ይሻለኛል።

የብረቱን ትርፍ ቁልፍ ቤት ውስጥ አስቀምጡት፣ መኪናው ውስጥ አይደለም። ከቁልፉ ጋር የሚመጣውን ቁጥር የተጻፈበት ትንሽ ወረቀትም ፎቶ አንሱት፣ ቁልፉ ቢጠፋ ሌላ የሚቀረጽላችሁ በዚያ ቁጥር ነው። ዋናውን ቁልፍ ደግሞ ከመኪናው ቁልፍ ጋር በአንድ ቀለበት አድርጉት፣ ብረቱን ሳትፈቱ ሞተር አስነስታችሁ ማርሽ እንዳታስገቡ።